ቃለ ማይን ማበጀት፦ ለአንድ ልብ ወለድ ዓለም የሚሆን ድንጋይ የሥራ ሂደት ማስታወሻ

ጥቅምት መጀመሪያ

የልብ ወለዴ ዓለም፣ የጎሕሜዳ ካርታ ተጠናቋል። ወንዞቿ ስም አግኝተዋል፤ የነገሥታቷ የዘር ሐረግ ከጠረጴዛዬ በላይ ግድግዳው ላይ ተለጥፏል። የቀረው ድንጋዩ ነው። የልብ ወለዱ ታሪክ በሙሉ የሚዞረው የሰውን ቃል በውስጡ በሚያኖር አንድ ብርቅ ድንጋይ ዙሪያ ነው፤ ስሙንም ቃለ ማይ ብዬዋለሁ። ስም ማውጣት ግን ድንጋይ መሥራት አይደለም። ምን ያህል እንደሚከብድ፣ ምን እንደሚያበላሸው፣ ለምን በየሜዳው እንደማይገኝ እኔ ራሴ ካላወቅሁ፣ ገጸ ባሕርያቱ ስለ እርሱ ሲገዳደሉ አንባቢው ለምን ይጨነቃል? ሁሉን የሚችልና ምንም ዋጋ የማያስከፍል ድንጋይ ታሪኩን ገና ከመነሻው ይገድለዋል።

ስለዚህ የቃለ ማይን ሕግ ወንበር ላይ ተቀምጬ አልደነግግም። በእውነተኛው ምድር ካሉ ድንጋዮችና ጨዎች ጋር በእጄ እሠራለሁ፤ የሚያደርጉትን አይቼ እጽፋለሁ፤ አስማቱ ከዚያ ይወለዳል። የመጽሐፉን ሥዕሎች የሚሠራልኝ ጓደኛዬም ብርሃን በጠርዙ ላይ እንዴት እንደሚወድቅ የሚያይበት አንድ እውነተኛ ክሪስታል ጠይቆኛል። ሁለቱን ሥራዎች ጎን ለጎን አስኬዳለሁ፤ ቀለም የሚቀያይረውን የከበረ ድንጋይ፣ ኦፓልን መመርመር አንዱ፣ አሉም የተባለውን ጨው ማሳደግ ሌላው።

ጥቅምት አጋማሽ፣ ኦፓሉ

ከአንድ የከበሩ ድንጋዮች ነጋዴ ጥቂት ጥሬ የወሎ ኦፓል ገዛሁ። የወጣው ከደላንታ፣ ከወገል ጤና አካባቢ ነው። ይህ ኦፓል በዓለም ገበያ ስሙ የገነነው እ.ኤ.አ. ከ2008 ወዲህ ነው። ከእርሱ ቀድሞ፣ በ1990ዎቹ፣ የሸዋው የመዘዞ ኦፓል ታውቆ ነበር፤ እርሱ ቡናማነት ይበዛዋል፣ የመሰንጠቅ ጠባዩም ብዙ ገዢ አሽሽቶበታል። የወሎው አብዛኛው ነጭ ወይም ማር መሳይ ነው፤ ስታገላብጠው አረንጓዴው ወደ ብርቱካናማ፣ ብርቱካናማው ወደ ቀይ ይሄዳል።

ነጋዴው ዕድሜያቸው የገፋ፣ ድንጋይ ሲይዙ ድምፃቸውን ዝቅ የሚያደርጉ ሰው ናቸው። እውነተኛ የወሎ ድንጋይ መሆኑን በምን እንደምለይ ስጠይቃቸው «ልጄ፣ ምላስህን አስጠጋው» አሉኝ። አስጠጋሁት። ድንጋዩ ምላሴን ያዘው። በውስጡ ያሉት እጅግ ጥቃቅን ቀዳዳዎች እርጥበት ሲያገኙ ስለሚስቡ ነው። እንዲህ ያለ ነገር ስንት ዘመን ባስብ ከራሴ አላወጣውም ነበር። በጎሕሜዳ ገበያ ነጋዴዎች ቃለ ማይን የሚፈትኑት በምላስ ይሆናል፤ ይህ ተወስኗል።

ቤት ስመለስ አንዱን ውኃ ውስጥ ጣልሁት። መጀመሪያ አረፋ አወጣ። ከዚያ ነጭነቱ ከጠርዙ ጀምሮ ወደ መኻል እየሸሸ ሄደ፤ ቆይቶም ድንጋዩ ጥርት ብሎ ቀለሙ ጠፋ፤ ብርጭቆው ውስጥ መኖሩን ለማየት ማጎንበስ ነበረብኝ። ምክንያቱ እንዲህ ነው። የኦፓል ቀለም ከማቅለሚያ አይመጣም። ድንጋዩ ዲያሜትራቸው ከ150 እስከ 300 ናኖ ሜትር ገደማ የሚሆን የሲሊካ ሉሎች የተደረደሩበት ነው፤ ድርድሩ ሥርዓት ሲኖረው ብርሃንን እየከፋፈለ ይመልሳል። ቀዳዳዎቹን የሞላው አየር በውኃ ሲተካ ብርሃን የሚታጠፍበት ልዩነት ይጠብና ድንጋዩ እንደ መስታወት ብርሃኑን ያሳልፈዋል። ሲደርቅ ቀለሙ ይመለሳል። ለማድረቅ ግን ጥላ ያስፈልገዋል፤ ፀሐይ ላይ አስጥቶ ማቻኮል ሊሰነጥቀው ይችላል።

ይህን ካየሁ በኋላ የቃለ ማይ የመጀመሪያው ሕግ ራሱን ጻፈ። *ቃል የያዘ ድንጋይ አይታይም። ባዶው ያበራል፤ ሙሉው ይሰወራል።* በየታሪኩ አስማተኛ ድንጋይ ኃይል ሲሞላው ይንቦገቦጋል። የእኔ በተቃራኒው ነው። ንጉሡ ዘውድ ላይ የሚንቦገቦገው ድንጋይ ምንም የማያውቅ ድንጋይ ነው፤ የመንግሥቱን ምስጢር የያዘው አንዲት የውኃ ቀጂ ገንቦ ውስጥ ሳይታይ ያልፋል።

ጥቅምት መጨረሻ

ከኦፓሎቹ ርካሹን ቀዝቃዛ ቡና ውስጥ አሳደርሁት። ቡናውን ጠጣ፤ ከደረቀ በኋላም ጥላው አልለቀቀውም። ዘይትና ሽቶም እንዲሁ ስለሚያደርጉት የኦፓል ቀለበት ያላቸው ሴቶች ሳህን ሲያጥቡ እንዲያወልቁ ይመከራሉ። ለአስመሳዮችም መንገድ የከፈተላቸው ይኸው ጠጪነቱ ነው። የወሎ ኦፓል በጭስ ታጥኖ ጠቁሮ፣ ውድ እንደሆነው ጥቁር ኦፓል እየተመሰለ ለገበያ ቀርቦ ያውቃል፤ የድንጋይ መርማሪዎችም ደርሰውበታል።

ጎሕሜዳ ውስጥ አጣኞች የሚባሉ ወገኖች ይኖራሉ። ባዶ ድንጋይ አጥነው፣ ያረጀ ቃል እንዳለው አስመስለው ለዘመድ አዝማድ ይሸጣሉ፤ «የአያትህ ኑዛዜ ነው» እያሉ። ስለ እነርሱ አንድ ሙሉ ምዕራፍ ይታየኛል።

ኅዳር መጀመሪያ፣ አሉሙ

አሁን ወደ ሌላው ጠረጴዛ። ኦፓል በጥብቅ ትርጉሙ ክሪስታል አይደለም፤ አተሞቹ እንደ ኳርትዝ ወይም እንደ ጨው በማያቋርጥ ሥርዓት አልተሰለፉም። የእኔ ድንጋይ ግን ፊት፣ ጠርዝና ጫፍ ያስፈልገዋል። ስለዚህ ክሪስታል እንዴት እንደሚያድግ ማየት አለብኝ፤ ለዚህ ከአሉም የተሻለ አስተማሪ አላገኘሁም። ፀጉር አስተካካዮች ከመላጨት በኋላ ፊት ላይ የሚያሹት ነጭ ድንጋይ ነው፤ ርካሽ ነው፣ ይታዘዛል።

አሠራሩ ቀላል ነው። 100 ሚሊ ሊትር ውኃ በ20 ዲግሪ ሴልሺየስ 14 ግራም ያህል አሉም ያሟሟል፤ በ50 ዲግሪ ግን ወደ 37 ግራም ይቀበላል። ሞቅ ባለ ውኃ አጥግበህ ስታቀዘቅዘው ትርፉ የሚሄድበት ስለሌለው ወደ ጠጣርነት ይመለሳል። ውኃውን ማፍላት አያስፈልግም፤ አዲስ አበባ ውስጥ ከባሕር ወለል በላይ ስላለን ከፍታ ውኃ የሚፈላውም ገና 92 ዲግሪ አካባቢ ነው። የጠገበውን ውኃ በሻሽ አጥልዬ ሰፊ አፍ ባለው የማር ጠርሙስ ውስጥ አኖርሁት። ከሥሩ ከበቀሉት ጥቃቅን ዘሮች ጉድለት የሌለበትን መርጬ በቀጭን የናይሎን ክር አስሬ መኻል ላይ አንጠለጠልሁት።

ክሩ ቀጭን መሆኑ ወሳኝ ነው። ሻካራ የጥጥ ክር ብትጠቀም አሉሙ ዘሩን ትቶ በክሩ ላይ ይለጠፋል።

ኅዳር አጋማሽ

ዘሩ ስምንት ፊት አውጥቷል። እያንዳንዱ ሦስት ማዕዘን ነው፤ ሁለት ፒራሚዶች በመሠረታቸው የተጋጠሙ ይመስላል። ከወረቀት የማዕዘን መለኪያ ሠርቼ ጠርዞቹን ለካሁ፤ ትንሹም ትልቁም ክሪስታል 109 ዲግሪ ተኩል ያህል ይሰጣሉ። ዴንማርካዊው ኒኮላስ ስቴኖ እ.ኤ.አ. በ1669 ያስተዋለው ይህንኑ ነበር፦ የአንድ ዓይነት ክሪስታል ፊቶች በስፋት ቢለያዩም በመካከላቸው ያለው ማዕዘን አይለወጥም። በገዛ እጄ በሠራሁት የካርቶን ቁራጭ ከሦስት መቶ ዓመታት በላይ የቆየ ሕግ ሲረጋገጥ ማየት ደስታው ልዩ ነው። ለሠዓሊው ጓደኛዬ ወዲያው ጻፍሁለት፤ ፊቶቹን እንደፈለገ ያስፋ ያጥብብ፣ ማዕዘኑን ግን አይንካ።

ኅዳር መጨረሻ

ሌሊቱ ቀዝቅዟል። ማለዳ ስነሣ ክሪስታሉ አድጎ አገኘዋለሁ፤ ከሰዓት በኋላ ክፍሉ ሲሞቅ ጠርዞቹ ይደነዝዛሉ፤ ውኃው በሌሊት የሰጠውን በቀን መልሶ ይወስዳል። ይህ የአዲስ አበባ የበጋ አየር ጠባይ ነው። ጠርሙሱን ሰጋቱራ በሞላ ካርቶን ውስጥ ቀበርሁት፤ ሙቀቱ ቀስ ብሎ ብቻ እንዲለወጥ። ከዚያ በኋላ ፊቶቹ ጠሩ።

ብርቅነት የሚወለደው ከዚህ ነው ብዬ ማሰብ ጀመርሁ። «እጅግ ብርቅ ድንጋይ» ብሎ መጻፍ ማንም ይችላል፤ ብርቅ የሚያደርገው ምክንያት ግን መሬቱ ውስጥ መኖር አለበት። በሜክሲኮ፣ ቺዋዋ ግዛት፣ በናይካ ማዕድን ማውጫ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ2000 የተገኘውን ዋሻ አስባለሁ። ከምድር በታች 300 ሜትር ያህል ጥልቀት ላይ ነው፤ ርዝመታቸው 11 ሜትር ገደማ የሚደርስ የጂፕሰም ክሪስታሎች እንደ ወደቁ ግንዶች ተጋድመውበታል። ይህን ያህል የደረሱት ዋሻውን የሞላው ውኃ ለመቶ ሺዎች ዓመታት 58 ዲግሪ አካባቢ ስለቆየላቸው ነው። በዚያ ሙቀት ጂፕሰም እጅግ በዝግታ ነው የሚያድገው፤ አዳዲስ ዘሮች እምብዛም አይበቅሉም፤ ያሉት ጥቂቶች ያለ ተቀናቃኝ ይገዝፋሉ። ሰው ሊያያቸው የቻለው የማዕድን ድርጅቱ ውኃውን በፓምፕ ስላወጣ ነው፤ ውኃው ሲወጣ ግን እድገታቸው ቆመ። ፓምፖቹ ከቆሙ በኋላ ውኃው ተመልሶ ሞላው።

ለማየት ማድረቅ ያስፈልጋል፤ ማድረቅ ደግሞ እድገቱን ይገታል። የጎሕሜዳ ፖለቲካ ከዚህ አንድ እውነት ተፈለቀቀ። ቃለ ማይ የሚያድገው በጽምዕ ገደል ሥር ባለው ሐይቅ ውስጥ ነው፤ የሐይቁን ሙቀት ከሥር የሚፈልቅ ፍል ውኃ ይጠብቀዋል። ቀጂዎች የሚባለው ወገን ሐይቁን አንጠፍጥፎ ያለውን ድንጋይ ዛሬውኑ መልቀም ይሻል። ጠባቂዎች ደግሞ በሰባት ትውልድ አንዴ ብቻ ጠልቀው፣ የደረሰውን አንሥተው፣ የቀረውን ለልጅ ልጅ መተው ይፈልጋሉ። ሁለቱም ምክንያት አላቸው። ቀጂዎቹ የተራቡ ሰዎች ናቸው፤ ይህን ሳልጽፍ ባልፍ ግፍ ይሆናል።

ገደሉንም ከደላንታ ወስጃለሁ። እዚያ ኦፓሉ የሚገኘው በእሳተ ገሞራ ዐለቶች መካከል፣ ውፍረቷ ከአንድ ሜትር በታች በሆነች ስስ ንብርብር ውስጥ ነው፤ ከታቿ ሸክላማ አፈር አለ። ቆፋሪዎቹ ንብርብሯን ተከትለው ገደሉን ይፈለፍላሉ፤ ዋሻ እየተደረመሰባቸው ሕይወታቸውን ያጡ አሉ። የድንጋዩን ውበት ጽፎ የሚያወጣውን ሰው መርሳት አይገባም። የመጽሐፌ ዋና ገጸ ባሕርይ የቆፋሪ ልጅ ትሆናለች።

ታኅሣሥ መጀመሪያ

ቀለም ሙከራ። ለምግብ የሚሆን ሰማያዊ ቀለም በጠገበው የአሉም ውኃ ላይ ጨመርሁ። ውኃው ሰማያዊ ሆነ፤ በውስጡ ያደገው ክሪስታል ግን ነጭ ሆኖ ወጣ። ክሪስታል ሲያድግ የራሱን ወገን እየመረጠ ይደረድራል፤ በቅርጹ ልክ ያልሆነውን እንግዳ ወደ ውኃው ይመልሰዋል።

ሁለቱን ጎን ለጎን ጠረጴዛው ላይ አኖርኋቸው፤ ቡና የጠጣውን ኦፓልና ቀለሙን አልቀበልም ያለውን አሉም። አንዱ ያገኘውን ሁሉ ይጠጣል፣ ሌላው የራሱ ያልሆነውን ሁሉ ይገፋል። ቃለ ማይ ሁለቱንም መሆን አለበት። ውጪው ክሪስታል፣ ውስጡ ኦፓል፤ ለሐሰት የተዘጋ ቅርፊት፣ ለቃል የተጠማ ልብ። ተፈጥሮም ከዚህ ብዙ አትርቅም፤ ሲያድጉ ከዘመናት በፊት የነበረ የውኃ ጠብታ በሆዳቸው ዘግተው ያስቀሩ ኳርትዞች አሉ፤ ስታዘነብላቸው አረፋው ሲንቀሳቀስ ይታያል።

ቅርፊቱ ከተዘጋ ግን ቃሉ በየት ይገባል?

ታኅሣሥ አጋማሽ

መልሱ ከማር ጠርሙሱ መጣ። ካደጉት አሉሞች የአንዱን ጫፍ ሆን ብዬ በቢላዋ ሰብሬ ወደ ጠገበው ውኃ መለስሁት። በሰጋቱራው ውስጥ ቆይቶ ሳወጣው የተሰበረው ጫፍ ተመልሶ በቅሏል። የተቆረጠው ገጽ ከሌሎቹ ፊቶች ፈጥኖ አድጎ፣ ጎዶሎውን ሞልቶ፣ ያንኑ 109 ዲግሪ ተኩል ይዞ ተዘጋ። አሉም አብቃዮች ሁሉ የሚያውቁት ነገር ነው፤ እኔ ግን ጠርሙሱን ብርሃን ላይ ይዤ ለረጅም ጊዜ ዝም ብዬ አየሁት። ቁስሉ በነበረበት ቦታ ስስ ደመና የመሰለ መስመር ቀርቷል፤ ስብራቱ ተፈውሷል፣ ታሪኩ ግን ይነበባል።

ሁለተኛው ሕግ፦ *ቃል ለማኖር ጫፉን ትሰብራለህ። ቃልህን በስብራቱ ላይ ትናገራለህ። ከዚያ ድንጋዩ ከወጣበት ሐይቅ በተቀዳ ውኃ ውስጥ ታኖረዋለህ፤ ካልተፈወሰ ቃሉ በሦስት ሌሊት ይተናል።* ቃሉን ለመስማት እንደገና መስበር ግድ ነው። በእያንዳንዱ ፈውስ የደመና መስመር ይቀራል፤ ብዙ ቃል የተመላለሰበት ድንጋይ በመስመር ብዛት ይደክምና መያዝ ይሳነዋል። ስለዚህ በጎሕሜዳ ሰው ቃሉን ለድንጋይ የሚሰጠው ከልቡ ሲሆን ብቻ ነው፤ ሠርግ፣ ኑዛዜ፣ የእርቅ መሐላ።

የሐይቁ ውኃም በዚህ ምክንያት ከድንጋዩ እኩል ውድ ሆነ። ሐይቁን የሚያንጠፈጥፉት ቀጂዎች የሚሸጡትን ድንጋይ ራሱን እያደኸዩት ነው፤ መፈወሻው ካለቀ ቃል የሚያኖር አይገኝም። ሴራው የጎደለው መገጣጠሚያ ይህ ነበር።

ታኅሣሥ መጨረሻ፣ ገበያው

ድንጋዩ በምን ዋጋ ይለወጣል? ለዚህ ከአሞሌ የበለጠ መምህር የለም። ከአፋር ዝቅተኛ ምድር ተቆርጦ በግመልና በበቅሎ ወደ ደጋው የሚወጣው ጨው እስከ 20ኛው ክፍለ ዘመን ድረስ ገንዘብ ሆኖ አገልግሏል። ጨውም ክሪስታል ነው፤ እኛ ክሪስታል በኪሳችን ይዘን የተገበያየን ሕዝብ ነን። አሞሌ ከምንጩ በራቀ ቁጥር ዋጋው ይጨምር ነበር፤ በመንገዱ ላይ ያለው ድካም፣ ቀረጥና አደጋ ሁሉ በላዩ ይደመራል። ጠላቱ ዝናብ ነው።

ለቃለ ማይም ክረምት ይከብደዋል። ጫፉ የተሰበረ ባዶ ድንጋይ እርጥበት ሲያገኘው ይጠጣና ይሰወራል፤ ቃል ከያዘው መለየት አይቻልም። ስለዚህ ከሰኔ እስከ መስከረም የድንጋይ ገበያ ይዘጋል፤ በዚህ ወቅት ሊገበያይ የወጣ ሰው ሌባ ነው ተብሎ ይታሰራል። ከምንጩ ሲርቅ ዋጋው መጨመሩ አይቀርም፤ መፈወሻውን ውኃ በሸክላ ገንቦ ተሸክሞ መጓዝ ስላለ ግን ጭማሪው ከአሞሌ ይብሳል። በሩቁ የባሕር ጠረፍ አንድ ቃለ ማይ ከነውኃው የአንድ መንደር መሬት ይገዛል።

ጥር መጀመሪያ

ትልቁን አሉም ከጠርሙሱ አወጣሁት። በጨርቅ አደረቅሁት፣ ክሩን ከሥሩ ቆረጥሁት፣ ሳይደበዝዝ እንዲቆይ ቀለም የሌለው የጥፍር ቀለም በስሱ ቀባሁት፤ አየር ላይ የተተወ አሉም ከጊዜ ብዛት ውኃውን እየለቀቀ ገጹ ይነጣልና። ሠዓሊው መጥቶ ወሰደው። መስኮቱ ዳር ይዞት ብዙ አገላበጠው፤ ከሁሉ ይልቅ ያፈቀረው የተፈወሰውን ጫፍና የደመናውን መስመር ነው። የሽፋኑ ሥዕል በዚያ ጫፍ ላይ እንዲያተኩር ተስማማን።

ጥር አጋማሽ

አንድ ጥያቄ ቀርቶኝ ነበር። ቃል የያዘ ድንጋይ በዓይን ካልታወቀ፣ ጠላት በምንም መንገድ ሊያውቀው አይችልም ማለት ነው? ምንም መግለጫ የሌለው ምስጢር ታሪክን ያላላል፤ መሰወሪያ ካለ መግለጫም መኖር አለበት።

ኦፓሉን ደረቅ ሳለ በወርቅ ሚዛን መዘንሁት፤ 4.6 ግራም። ውኃ ጠጥቶ ሲጠራ፣ ላዩን በጨርቅ ጠርጌ እንደገና መዘንሁት፤ 5 ግራም ሆነ። ዓይን ያጣውን ሚዛን አገኘው።

ሦስተኛውና የመጨረሻው ሕግ ተጻፈ፦ *ቃል ክብደት አለው።* በጎሕሜዳ ቤተ መንግሥት በር ላይ ሚዛን ይቆማል። እያንዳንዱ ድንጋይ ከሐይቁ ሲወጣ ክብደቱ በመዝገብ ይሰፍራል፤ በሩ ላይ ከመዝገቡ በልጦ የተገኘ ድንጋይ ቃል ይዟል ማለት ነው። ዘበኛው ቃሉ ምን እንደሆነ አያውቅም፤ የማን ቃል እንደሆነም አያውቅም፤ መኖሩን ግን ያውቃል። ምስጢር አሳላፊዎች ደግሞ ድንጋዩን ከጀርባው ፈልፍለው በማቅለል መልስ ይሰጣሉ፤ መዝጋቢዎቹ ይህን ሲደርሱበት ከክብደት ሌላ የፊቶቹን ቁጥርና የደመና መስመሮቹን መመዝገብ ይጀምራሉ።

የቆፋሪው ልጅ ወደ ቤተ መንግሥት የምትገባው በዚያ በር ነው። አባቷ ገደሉ ሳይደረመስበት በፊት የተናገረው ቃል በእጇ ባለው ድንጋይ ውስጥ አለ፤ ሚዛኑም ፊት ለፊቷ ተዘርግቷል። ሦስተኛውን ምዕራፍ ከዚህ ጀምሬያለሁ፤ ዘበኛው ድንጋዩን ሲያነሣ የሚለው የመጀመሪያ ዓረፍተ ነገር «የማነው?» ይሆናል፤ እርሷም ስለ ውሸት የሚከፈለውን ቅጣት እያወቀች «ባዶ ነው፣ ጌታዬ» ትለዋለች።